እሺ ያለው ሰውዬ

አባቴ የፈረንጅ አፍ አይችልም ነበር። ይህን በዚያች ከተማ የምናውቅ ሦስት ሰዎች ብቻ ነበርን፤ እሱ፣ እናቴና እኔ። የቀረው ሕዝብ ግን ቅዳሜ ከሰዓት በኋላ አጅሬ ቪዲዮ ቤት አግዳሚ ላይ ትከሻ ለትከሻ ተጠጋግቶ፣ አባቴ ማይክራፎኑን ከንፈሩ ላይ ለጥፎ የፈረንጆቹን ንግግር በኛ ቋንቋ ሲያንቆረቁረው እየሰማ፣ «ሰው እንዲህ ይማር!» ይል ነበር። ከሰባተኛ ክፍል ያቋረጠ ሰው ነው እንግዲህ። እኔም ከስምንተኛ አላለፍኩምና በሱ የምስቅበት አፍ የለኝም።

ዘዴው ቀላል ነው። ካሴቱን ዓርብ ጠዋት ብቻውን ቁጭ ብሎ አንድ ጊዜ ያየዋል። ማን ማንን እንደሚወድ፣ ማን እንደሚሞት በዓይኑ ይይዛል። የቀረውን ቅዳሜ ከሆዱ ያወጣዋል። የመርከቡ ካፒቴን አፉን ሲከፍት አባቴ፣ «እናንተ ሰዎች፣ ሻንጣ ሻንጣ አትበሉብኝ! ነፍሳችሁን አንጠልጥላችሁ ውጡ!» ይላል። አውሮፕላኑ ቁልቁል መውረድ ሲጀምር ፓይለቱ፣ «ሞተሩ ደክሞታል፤ እውነቱን ለመናገር እኔም ደክሞኛል» ይላል። ሰው ይስቃል፤ ወዲያው ደግሞ ያለቅሳል። ከፊት አግዳሚ የማይጠፋ አንድ አናጢ ነበር፤ ከፊልሙ ጋር ካልተጨቃጨቀ ያየ አይመስለውም። «በዚያ በኩል አትሂድ! ደረጃው ተቃጥሏል አልተባልክም? ደረቅ!» እያለ ፈረንጁን ይሰድበዋል።

አጅሬ የምንለው ባለ ቪዲዮ ቤቱን ነው። ቤቱ ዙሪያውን ቆርቆሮ የለበሰ አንድ ረጅም ክፍል ነበር፤ መስኮቶቹ በጥቁር ጨርቅ የተጋረዱ፣ ሰው ሲሞላ ጣራው ላብ የሚያንጠባጥብ። ቴሌቪዥኑ ከፍ ያለ ሣጥን ላይ ተቀምጧል። ከሱ በስተቀኝ የአባቴ በርጩማ፣ ከአባቴ በርጩማ ጎን ደግሞ አንዲት እግሯ የሚንጋደድ ትንሽ በርጩማ። እሷ የኔ ነበረች። እዚያ ስቀመጥ የአባቴ ጉልበት ትከሻዬን ይነካዋል፤ ድምፁ በጆሮዬ ሳይሆን በጉልበቱ በኩል የሚገባኝ ይመስለኝ ነበር። ያኔ ከኔ በላይ ሰው አልነበረም።

በሌላው ቀን ካራቴም ፍቅርም ይታያል። ቅዳሜ ግን የአደጋ ፊልም ነው። የሚነድ ፎቅ፣ ፍሬን የበጠሰ ባቡር፣ የሚናድ ግድብ፣ ማዕድን ቆፋሪዎች ላይ የሚደረመስ ተራራ። መርከብ የሚሰምጥበት ከመጣማ ሰው በር ይሰብራል። ይሄ የማያውቀንን ሰው ይገርመው ይሆናል፤ ምክንያቱም ከተማችን ሐይቅ ዳር ናት፤ እኔ የሰባት ዓመት ልጅ ሳለሁ ሰውና ዕቃ የምታሻግረው ጀልባ ከነተሳፋሪዎቿ ሰምጣለች። አግዳሚው ላይ ከሚቀመጠው ሰው ግማሹ በዚያች ጀልባ የሆነ ዘመድ አጥቷል። ታዲያ ለምን እንደዚያ ይጋፋ እንደነበር እንጃ። ምናልባት ፊልም ላይ አደጋው ከየት ተነስቶ የት እንዳለቀ ስለሚታይ ይሆናል። የኛን ጀልባ መጨረሻ ያየ ሰው አልነበረም።

አልነበረም እንል ነበር።

የጀልባዋ ሠራተኞች ሁለት ነበሩ፤ አባቴና ጓደኛው። አባቴ ወጣ፤ ጓደኛው ቀረ። ለኔ የተነገረኝ «አባትህ ዋኝቶ ወጣ» ነው። ትምህርት ቤት ደረቴን ነፍቼ፣ «አባቴ እንደ ዓሣ ነው የሚዋኘው፤ ያንተ አባት ገንዳ ውስጥ ይሰምጣል» እያልኩ ስንቱን አስለቅሻለሁ። አባቴ ዋና አይችልም ነበር። እሱንም ያወቅኩት በኋላ ነው።

ከዚያ ወዲህ ሐይቁ ዳር ደርሶ አያውቅም። ማይክራፎን ያዘ። አንድ ሌላ ጠባይም አመጣ፤ በር ላይ ሲደርስ ይቆማል። ከማንም ሰው በፊት አይገባም፣ ከማንም ሰው በፊት አይወጣም። ለሽማግሌ «ይቅደሙ»፣ ለጎረምሳ «ቅደም»፣ ለሕፃን «ቅደም የኔ ጌታ»። ዳቦ ልንገዛ ተሰልፈን ከኋላችን ለመጣው ሁሉ ቦታ እየለቀቀ ዳቦው አልቆ ባዶ እጃችንን ስንመለስ እናቴ፣ «አንተ ሰውዬ፣ በር ላይ ቆመህ ልትሸብት ነው?» ትለዋለች። እኔ ሰው የሚፈራ ሞኝ አባት አለኝ ብዬ እሳቀቅ ነበር። እንዲያም ሆኖ ቅዳሜ ቅዳሜ የዓለም ካፒቴን ሁሉ በሱ አፍ ስለሚናገር እታገሰው ነበር።

እንግዲህ በዚህ መሐል ነው ጉንጮ የመጣችው።

የሞተው ጓደኛው ልጅ ናት። ስም አላት፤ እኔ ግን ያን ጊዜ ባወጣሁላት እጠራታለሁ። ጉንጮቿ ሁለት የተነፉ ፊኛዎች ይመስላሉ፤ ዓይኖቿ ከነሱ በላይ አጮልቀው ነው የሚያዩት። ትምህርት ቤትም አንድ ክፍል ነበርን፤ እዚያም ከፊት ነው የምትቀመጠው። አንድ ቅዳሜ እናቷ፣ ልብስ ተኳሿ፣ እጇን ይዛ እስከ ቪዲዮ ቤቱ በር ድረስ አመጣቻት። ከአባቴ ጋር በሹክሹክታ የሆነ ነገር ተባባሉና እናትየው ሄደች፤ ጉንጮ ቀረች።

አባቴ ወደኔ ዞረ። «ተነስ እስቲ አንዴ። እሷ ትቀመጥ።»

«አባዬ፣ የኔ እኮ ነው!»

«አውቃለሁ። አንተ ወንድ ነህ፤ መሬትም ላይ ትቀመጣለህ። እሷ ትቅደም።»

ተነሳሁ። አናጢው ከፊት አግዳሚ ሆኖ፣ «አይዞህ ጎረምሳው፣ ሥልጣን እንዲህ ነው» አለኝና ሰው ሳቀ። እሷ ቀሚሷን ሰብስባ ተቀመጠች፤ በርጩማዋ ስትንጋደድ አባቴ በእግሩ ደገፍ አደረገላት። ለኔ አንድ ቀን ደግፏት አያውቅም። እኔ ልማድ ሆኖብኝ ሚዛኔን በራሴ ነበር የምጠብቀው።

አንድ ቀን መስሎኝ ነበር። በሚቀጥለው ቅዳሜ መጣች። ከዚያ በኋላም። አጅሬ በየቅዳሜው መሐል ላይ ለአባቴ አንድ ጠርሙስ ለስላሳ ያመጣለታል፤ ድሮ ግማሹ የኔ ነበር። አሁን «እሷ ትቅደም» ይልና ይሰጣታል፤ ለኔ ሲደርስ ጋዙ ወጥቶ፣ ሞቆ፣ አፉ ላይ የሷ ምራቅ ነው። እናቴ ስኳር ገዝታ ስትመጣ እንኳን «ለሷ ቀንሺላት» ይላል። መንገድ ላይ እጇን ይይዛል፤ እኔ ከኋላ ጫማዬን እየጎተትኩ እከተላለሁ። ዛሬ ላይ ሆኜ ሳየው ከሁለት ዓመት አይበልጥም። ያን ጊዜ ግን ዕድሜ ልኬን ከኋላ የሄድኩ ነበር የሚመስለኝ።

ከሁሉም ይብስ የነበረው ትርጉሙ ነው። እሷ ከመጣች ወዲህ አባቴ ፊልሞቹን ለሕዝቡ ሳይሆን ለሷ መናገር ጀመረ። ተራራው የተደረመሰበት ቆፋሪ አፉ በአቧራ ተሞልቶ፣ ከንፈሩ ሳይንቀሳቀስ፣ አባቴ፣ «ልጄ፣ የኔ እናት፣ ትቼሽ አልሄድኩም፤ ወስደውኝ ነው» ይላል። ባቡር ነጂው ሊሞት ሲል፣ «ለልጄ ንገሯት፤ አባቷ አልፈራም በሏት» ይላል። በሁሉም ፊልም ላይ የሚሞት አባት አለ፤ በሁሉም ፊልም ላይ ልጁ ሴት ናት። አንድ ጊዜ ሟቹ አባት ያቀፈው ልጅ ሱሪ የለበሰ ድፍን ወንድ ሆኖ ሳለ አባቴ «የኔ እናት» ብሎ ቀጠለ።

«ጋሼ!» አለ አናጢው። «ልጁ ወንድ ነው እኮ!»

አባቴ ደንገጥ አለና፣ «ፀጉሩ አሳሳተኝ» አለ። ቤቱ በሳቅ ፈረሰ። ጉንጮ አልሳቀችም፤ ቀና ብላ አባቴን እያየችው ነበር። እኔም አልሳቅኩም። ለኔ «የኔ» የሚል ቃል ከአፉ ወጥቶ አያውቅም። ለኔ «ተነስ»፣ «ቻል»፣ «ጠብቅ» ነው። ፊልም ላይ እንኳን እኔን የሚመስል ልጅ ሲገኝ ቀሚስ ያለብሰዋል።

ቅናት ሆድ ውስጥ እንደሚቀመጥ ያወቅኩት ያን ጊዜ ነው። ምግብ እምቢ አለኝ። እናቴ፣ «ይሄ ልጅ ኮሶ አለበት» ብላ መድኃኒት አጠጣችኝ።

አንድ እሁድ ጠዋት ብርድ ልብሴን እስከ ጆሮዬ ተከናንቤ ተኝቼ፣ ከመጋረጃው ማዶ ሲነጋገሩ ሰማሁ። የተኛሁ መስሏቸዋል።

«ትናንትም ሳትነግራት ቀረህ?» አለች እናቴ።

«አፌ ላይ ደርሶ ይመለሳል።»

«ልጅቷ እያደገች ነው። ከሌላ ሰው ከምትሰማ ካንተው ብትሰማ አይሻልም? እናቷስ ብትሆን ጠብቃ ጠብቃ አንጀቷ አረረ።»

«ቅዳሜ እነግራታለሁ።»

«ስንተኛው ቅዳሜ?»

«ብትጠላኝስ?» አለ አባቴ።

«ትጥላሃ! ሐቁ የሷ ነው።»

«ይሄኛውስ ሲሰማ?»

«እሱ ገና ልጅ ነው። ቀስ ብሎ ይሰማል።»

ይሄኛው የተባልኩት እኔ ነኝ። ብርድ ልብሱ ውስጥ ሆኜ ነገሩን ደመርኩ ቀነስኩ፤ ሌላ መልስ አልመጣልኝም። ጉንጮ የአባቴ ልጅ ናት። ልብስ ተኳሿ ሚስቱ ናት። አንድ ቅዳሜ ይነግራታል፤ እሷም «አባዬ» ትለዋለች፤ እሱም ማይክራፎኑንና በርጩማውን ይዞ ወደነሱ ይሄዳል። እኔና እናቴ እንቀራለን። እናቴ እንዴት እንዲህ ረጋ ብላ እንደምታወራ ግን ሊገባኝ አልቻለም።

ሰኞ ክፍል ውስጥ ስትጽፍ ከኋላ ሆኜ ጆሮዋን አጠናሁት። ማታ የአባቴን ጆሮ አየሁ። አንድ ናቸው! የታችኛው ጫፍ ከጉንጩ ጋር የተጣበቀ። ከዚያ ወዲያ ማስረጃ አልፈለግኩም። አሁን ጎልማሳ ሆኜ የሰው ጆሮ አያለሁ፤ የአለቃዬም ጆሮ እንደዚያ ነው፤ የወተት ሻጩም።

ያቺ ቅዳሜ መጣች። አጅሬ ግድግዳው ላይ በከሰል «ዛሬ መርከብ!» ብሎ ጽፏል። ሰዉ አግዳሚው አልበቃው ብሎ መሬቱን ሞልቶታል። ልብስ ተኳሿ ጉንጮን በር ላይ አድርሳት ልትመለስ ስትል ቆም ብላ አባቴን፣ «ዛሬስ?» አለችው።

አባቴ መሬት መሬት እያየ፣ «ዛሬ» አላት። «ዛሬ አይቀርም።»

ዛሬ ነው በቃ።

ፊልሙ ተጀመረ። አባቴ ያን ቀን አልቀለደም። ካፒቴኑ ሲቆጣ አልተቆጣም፤ ሴቶቹ ሲጮኹ አልጮኸም። ሰው ቅር ብሎት ያጉረመርማል። አናጢው፣ «ጋሼ ዛሬ ቁርስ አልበላም መሰለኝ» አለ። እኔ መሬት ላይ፣ ከጉንጮ በርጩማ ሥር ተቀምጬ የአባቴን አፍ ነው የማየው። ጉልበቱ የሷን ትከሻ ይነካል።

መርከቡ ለሁለት ተሰነጠቀና ሰዎቹ ባሕር ውስጥ ገቡ። ሁለት መርከበኞች አንድ ጣውላ ይዘው ይንሳፈፋሉ፤ አንዱ ጢማም፣ አንዱ ወጣት። ከወዲያ አንድ ትንሽ ጀልባ መጣችና ገመድ ወረወረችላቸው። ገመዱ አንድ ነው። ጢማሙ ገመዱን ያዘና ለወጣቱ ሰጠው። ወጣቱ ራሱን እየነቀነቀ፣ «ኖ! ኖ! ኖ!» አለ።

አባቴ ማይክራፎኑን አስጠጋ። ድምፁ የፊልም ድምፅ አልነበረም፤ ቤት ውስጥ ራሱን ሲያመው የሚያወጣው ድምፅ ነው።

«ትልቁ ሰውዬ ‹አንተ ቅደም› አለው። ‹ልጅ አለህ› አለው።» ትንፋሽ ወሰደ። «እሱም ልጅ ነበረችው። ሌላው ይህን ያውቃል። እያወቀ… ‹እሺ› አለ። ሰው በር ላይ እንኳን ‹ኧረ አንተ ቅደም› ይላል። እሱ አንድ ጊዜ እንኳን ‹ኧረ አንተ› ሳይል ‹እሺ› አለና ገመዱን ያዘ። ገመዱ ተመልሶ ሲወረወር የሚይዘው ሰው አልነበረም።»

አባቴ ማይክራፎኑን ትንሽ ዝቅ አደረገና ወደ ጉንጮ ጎንበስ አለ። አፉን ከፈተ። «የኔ እናት» አለ።

አሁን ሊነግራት ነው አልኩ። ምን እንዳስነሳኝ አላውቅም፤ ብቻ ቆሜያለሁ።

«ውሸቱን ነው!» አልኩ። ድምፄ እንደዚያ እንደሚወጣ አላውቅም ነበር። «እሺ አላለም! ኖ ነው ያለው! ኖ ማለት አይሆንም ማለት ነው፤ ክፍል ውስጥ ተምረናል! አባቴ የፈረንጅ አፍ አይችልም! ሁሉንም ከሆዱ ነው የሚያወራው!»

ፊልሙ ላይ ወጣቱ እንደ ተላከልኝ ምስክር አንድ ጊዜ ደግሞ «ኖ!» ብሎ ጮኸ።

«እውነትም እኮ ኖ ነው ያለው!» አለ አናጢው። መጀመሪያ አንድ ሰው ሳቀ፤ ከዚያ ቤቱ ሁሉ። «ስንት ዓመት ሙሉ ሲያሾፍብን!» «አይ የተማረ ሰው!» «እኔ ደግሞ ባቡሩ ላይ ያለቀስኩት!» ፉጨት፣ በእግር መሬት መደብደብ። አጅሬ በሩን ወለል አድርጎ ከፈተውና የውጭ ብርሃን ገባ። በዚያ ብርሃን የአባቴን ፊት አየሁት። የተቆጣ አልነበረም። ቢቆጣ ይሻለኝ ነበር።

ማይክራፎኑን ወደ አፉ መለሰና፣ «ልጄ እውነቱን ነው» አለ። «ፊልሙ ላይ ያለው ሰው እሺ አላለም። ጥሩ ሰው ነው።» ማይክራፎኑን በርጩማው ላይ አስቀምጦ ወጣ። በሩ ላይ ማንንም አላስቀደመም፤ እንደዚያ ሲያደርግ ለመጀመሪያ ጊዜ ያየሁት ያኔ ነው። ሕዝቡ ትንሽ ሲያሾፍ ቆየና የቀረውን የመርከብ መስመጥ ያለ አስተርጓሚ፣ በፈረንጆቹ ዋይታ ብቻ አየው። ጉንጮ በርጩማዋ ላይ ሆና እኔን ታየኛለች። ምላሴን አወጣሁባት።

አጅሬ ሌላ አስተርጓሚ አመጣ። ትምህርቱን የጨረሰ፣ መነጽር ያደረገ ጎረምሳ ነው። ቃል በቃል እያስተካከለ ተረጎመና ሕዝቡን አስተኛው። በሦስተኛው ወር ቪዲዮ ቤቱ የብሎኬት ማምረቻ ሆነ። አባቴ እህል መጋዘን ጫኝና አውራጅ ሆኖ ገባ። ጉንጮ ወደኛ መምጣት አቆመች። ልብስ ተኳሿ አባቴን አላገባችውም፤ አባቴም የትም አልሄደም። እኔ አሸነፍኩ ማለት ነው።

ቅዳሜዬን መልሼ አገኘሁ። ከሰዓት በኋላ አባቴ ደጃፉ ላይ ይቀመጣል፤ እኔ ከጎኑ እቀመጣለሁ፤ ጉልበቱ ትከሻዬን ይነካል። ግን አይናገርም። «አባዬ፣ ያ ባቡር ፍሬኑ የተበጠሰው እንዴት ነበር?» እለዋለሁ። «እንጃ ልጄ፣ ረሳሁት» ይላል። አልመታኝም፣ አልሰደበኝም፣ ያን ቀን አንድ ጊዜ እንኳን አንስቶብኝ አያውቅም። ቤታችን ውስጥ ሃያ ሁለት ዓመት የኖረው ዝምታ የሱ ተፈጥሮ ነው ብዬ ተቀበልኩ። ሰውዬው ድሮም የሚናገረው የሰው አፍ ሲያገኝ ነበር፤ የራሱ የለውም አልኩ። ያደግኩት በዚህ ነው። ሚስት አግብቼ «ምነው ዝም አልክ» ስትለኝ፣ «ከአባቴ ነው» ስላት ነው የኖርኩት።

ባለፈው ዓመት ሞተ። ከቀብር መልስ ሰዉ ሲበተን አንዲት ሴት ጓሮ ቁጢጥ ብላ ብርጭቆ ስታጥብ አገኘኋት። ጉንጮቿ ጠፍተዋል፤ በዓይኖቿ ነው የለየኋት። ልብስ ሰፊ ናት፣ ሁለት ልጆች አሏት። የዕቃ ሣጥን ገልብጬ አጠገቧ ተቀመጥኩ። ነገር ስለሌለኝ የልጅነት ሞኝነቴን እንደ ቀልድ አወራኋት፤ የአባቴ ልጅ መስላኝ እንደነበረ፣ ጆሮዋን ስለካ እንደነበረ። ስቃ ስቃ ብርጭቆው ከእጇ ሊወድቅ ደረሰ።

«ለሱ ነው እንደዚያ የጮህከው?»

«ሊነግርሽ ሲል ልቅደመው ብዬ ነዋ።»

ሳቋን አቆመች። «እሱማ ነግሮኝ ጨርሶ ነበር።»

«ምኑን?»

«ገመዱን ነዋ፤ ጀልባዋ ስትሰምጥ የማዶ ዓሣ አጥማጆች የወረወሩላቸውን።» አየችኝ። እንደማላውቅ ሲገባት እጇን ከውሃው አወጣች። «እናቴ ናት የላከችኝ። ‹ባሌ እንዴት እንደሞተ አንተ ነህ የምታውቀው፤ ለልጄ ንገራት› ብላው፣ ‹እሺ ቅዳሜ ላኪያት› አላት። ሄድኩ። ፊልም አሳየኝ። በሚቀጥለው ቅዳሜ ይነግረኛል ተባለ፤ ፊልም አሳየኝ። ያን ቀን ሲናገር እኔም ፊልሙን የሚያወራ ነበር የመሰለኝ። አንተ ‹ኖ ነው ያለው› ስትል ነው ክው ያልኩት። እኔም እኮ ኖን አውቃለሁ፤ አንድ ክፍል ነበርን። የፊልሙ ሰውዬ ኖ ካለ፣ ታዲያ እሺ ያለው ማነው አልኩ።»

አንድ ብርጭቆ አነሳሁና መልሼ አስቀመጥኩት።

«መጋዘን ሥራ እንደያዘ፣ አንድ ሰኞ በምሳ ሰዓት እዚያ ድረስ ሄድኩ» አለች። «ጆንያ ላይ ተቀምጧል። ‹ገባኝ› አልኩት። ሌላ አላልኩም። ልጅ ነኝ፣ ምን እላለሁ? አለቀሰ። ከዚያ በኋላ በየሳምንቱ እሄድ ነበር። ካገባሁም በኋላ፣ ጡረታ እስኪወጣ።»

«ሄደሽ ምን ትሠሪ ነበር?»

«እናወራለና። አባቴ ሰው ሲያስቅ እንዴት እንደነበረ፣ ጀልባዋ ላይ ሲያንጎራጉር፣ ከእናቴ ጋር እንዴት እንደተዋወቀ። ወሬ ሲያልቅበት ደግሞ ፊልም ይነግረኛል። ያኔ ያየናቸውን ሳይሆን ከራሱ የፈጠራቸውን። አንድ የሚበር ባቡር ነበረው፣ ወይ ጉድ! ጫኞቹ ምሳቸውን ትተው ነበር የሚሰሙት። የአባትህ ወሬ መች ይጠገባል?»

ወሬው መች ይጠገባል! ለካ ሰውዬው ዝም ብሎ አያውቅም። መጋዘን ሙሉ ሰው፣ እህል የሚሸከም ጫኝ ሁሉ፣ የሚበር ባቡር ሰምቷል። ዝም የተባልኩት እኔ ብቻ ነኝ። በሷ ላይ የነበረኝ የድሮው ቅናት እንደ ትናንት ሆዴ ውስጥ ተነሳ፤ ዕድሜዬ ሠላሳ ሁለት መሆኑ ምንም አላበረደውም። አባቴ ያን ዕለት ለምን እንደተሸማቀቀ፣ ስንት ዓመት ምን ተሸክሞ እንደኖረ ማሰብ ነበረብኝ። አሰብኩም። ግን መጀመሪያ ያሰብኩት ስለ ባቡሩ ነው።

«ስለኔስ?» አልኳት። «ስለኔ አያነሳም ነበር?»

«ያነሳል እንጂ! ‹ልጄ ከኔ ይሻላል› ይል ነበር። ‹እኔ አንዲት ቃል ለማውጣት ስንት ቅዳሜ ፈጀሁ፤ እሱ ያየውን በሰው ፊት ቆሞ ተናገረ። ባይጮህ ኖሮ አንቺም አይገባሽም ነበር› ይላል። ‹ኮርቼበታለሁ፤ ግን ፊቱን ሳየው አፌ ይያያዛል› ይለኝ ነበር።»

«እና ለምን አልነገርሽኝም?»

«አንድ ቀን ራሱ የነገረህ መስሎኝ።»

ሌላ ሰው ቢሆን እዚህ ላይ ያለቅስ ነበር። እኔን ግን ያንገበገበኝ ሌላ ነው፤ ለኔ የተባለችውን አንዲት ቃል እንኳን የሰማቻት እሷ ናት። ሃያ ሁለት ዓመት የኔ ነገር እሷ ዘንድ ተቀምጦ ነበር፤ ከምሳዋ ጋር እየበላችው።

«ድገሚልኝ» አልኳት።

ደገመችልኝ።

«እንደሱ አይደለም። እሱ እንዳለው አድርገሽ።»

እጇን በቀሚሷ አደራረቀችና ድምፇን ወደ ታች አወረደች፤ እሱ መጀመሪያ ጉሮሮውን እንደሚጠርገው ጠረገች፣ እሱ «ልጄ» የሚለውን ቃል እንደሚጎትተው ጎተተች፣ ጓሮው ውስጥ አባቴ ከሴትዮዋ አፍ ወጥቶ «ልጄ ከኔ ይሻላል» አለ። በደንብ ታውቅበታለች። ይህንንም አልወደድኩላትም፤ ግን ሦስት ጊዜ አስደገምኳት።